የኪስራ ምጣድ በባሮ ዳር

ጋምቤላ ከተማ ውስጥ ስለ ኪስራ ሲነሣ የሚሰማው ማብራሪያ አብዛኛውን ጊዜ አጭር ነው፤ የደቡብ ሱዳን ስደተኞች ይዘውት የመጡት ምግብ ነው ይባልና ነገሩ በዚያው ይዘጋል። ከደጋ የወረደው ነዋሪ ደግሞ የሱዳን እንጀራ ነው ብሎ ያልፈዋል። ሁለቱም አባባል ሐሰት አይደለም፤ ሆኖም ሁለቱም ታሪኩን ከመሐሉ ይጀምሩታል። ከማሽላ ሊጥ እንደ ወረቀት ሳስቶ በጋለ ምጣድ ላይ የሚዘረጋው ይህ ምግብ ጋምቤላ ላይ ቦታ ያገኘው አንድ ብሔረሰብ ስላመጣው ወይም አንድ ጦርነት ስለገፋው ብቻ አይደለም ብዬ እከራከራለሁ። ቦታ ያገኘው ጋምቤላ ወደብ ስለነበረች ነው። ከቀዬው የራቀ ሰው ተሰብስቦ መርከብ የሚጠብቅበት፣ ኪሱ ውስጥ ሳንቲም ያለው ነገር ግን ድስት ጥዶ የሚያበስልለት ቤተሰብ አጠገቡ የሌለ ሰው የሚበዛበት ስፍራ ስለነበረች ነው። ስስ ቂጣ ከየቤቱ ጓዳ ወጥቶ ገበያ የሚቀመጠው በየትም አገር እንዲህ ባለ ስፍራ ነው።

ለዚህ የሩቁን ምስክር ላስቀድም። ክሬፕ የሚባለው የፈረንሳይ ስስ ቂጣ ዛሬ በአዲስ አበባ ካፌዎች ሜኑ ላይ ከኬክ ጎን ተጽፎ ሲታይ የቅንጦት ምግብ ይመስላል። የወጣው ግን በፈረንሳይ ሰሜን ምዕራብ ከምትገኘው ከብሪታኒ ድሃ ገበሬ ጓዳ ነው። የብሪታኒ አፈር ለስንዴ ብዙም ስለማይመች ገበሬው የሚዘራው ጥቁር ስንዴ ነበር፤ ስሙ ያሳስታል እንጂ በዘሩ ከስንዴ ጋር የማይገናኝ እህል ነው። ከዱቄቱ ጋሌት የሚባል ጠቆር ያለ ስስ ቂጣ ይጋገራል፣ በዕንቁላል፣ በአይብ ወይም በሥጋ ይበላል። በስኳር፣ በቅቤና በማርማላታ የሚበላው ነጩ የስንዴ ክሬፕ ነው። እ.ኤ.አ. በ1865 ሐዲዱ እስከ ብሬስት ሲዘረጋ ከብሪታኒ ሥራ ፍለጋ የሚፈልሰው ሕዝብ ፓሪስ ላይ የሚወርደው ሞንፓርናስ ጣቢያ ነበር፤ ብዙው ሰውም ከጣቢያው ሳይርቅ ሰፈረ። እስከ ዛሬ የፓሪስ ክሬፕ ቤቶች ተደርድረው የሚታዩት በዚያው ጣቢያ ዙሪያ ነው። አገር ቤት ሁሉም በየማጀቱ የሚጋግረውን ነገር ገዝቶ መብላት እምብዛም አያስፈልግም ነበር። ገዢ የተገኘው መንገዱ ባለቀበት፣ ቤተሰብ በሌለበት ሰፈር ነው።

ጋምቤላ የመንገድ ማለቂያ የሆነችበት ጊዜ በሰነድ ይታወቃል። ግንቦት 7 ቀን 1894 ዓ.ም. ዳግማዊ ምኒልክና የእንግሊዙ መልእክተኛ ጆን ሌን ሃሪንግተን የኢትዮጵያንና የሱዳንን ወሰን በተፈራረሙበት ውል አራተኛው አንቀጽ ላይ ስለ አንዲት ቁራሽ መሬት ተጽፏል። ኢታንግ አካባቢ፣ በባሮ ዳር፣ የወንዝ ዳርቻው ከ2,000 ሜትር፣ ስፋቱ ከ400 ሄክታር የማይበልጥ ቦታ ለሱዳን መንግሥት በኪራይ ይሰጣል፤ ሱዳን በእንግሊዝና በግብፅ አስተዳደር ሥር እስካለች ድረስም የንግድ ጣቢያ ሆኖ ይቆያል ይላል። ቦታው ሲመረጥ ኢታንግ ቀረና ከእርሷ ወደ ላይ ያለችው ጋምቤላ ተወሰደች። ከ1896 ዓ.ም. ጀምሮ በእንፋሎት የሚሄዱ መርከቦች ከካርቱም ተነሥተው በማላካልና በናስር በኩል እየመጡ እዚህ ይቆማሉ። ከጎሬ፣ ከቡሬና ከሳዮ (የዛሬዋ ደምቢ ዶሎ) በበቅሎና በሰው ጫንቃ ገደሉን የወረደው ቡና፣ ሰምና ቆዳ ወደ ካርቱም ይጫናል፤ ከካርቱም ጨውና ጨርቅ ይራገፋል። የዚህን ንግድ ታሪክ ከ1896 ዓ.ም. እስከ ጣሊያን ወረራ ድረስ ያጠኑት ፕሮፌሰር ባሕሩ ዘውዴ ናቸው። የጅቡቲው ባቡር በ1909 ዓ.ም. አዲስ አበባ ከገባ በኋላም ለኢሉባቦርና ለቄለም ቡና የሚቀርበው በር ባሮ ነበር።

ባሮ ግን መርከብ የሚሸከመው ክረምቱን ነው፤ ከሰኔ እስከ ጥቅምት ገደማ። ውኃው ሲጎድል መንገዱ ይዘጋል። ስለዚህ ጋምቤላ ውስጥ ሁለት ዓይነት ኑሮ ይፈራረቅ ነበር። በጋ የነጋዴው ወኪል መጋዘኑ ውስጥ ቡና እያጠራቀመ ቁጭ ይላል። ክረምት ሲገባ ደግሞ ከተማዋ በአንድ ጊዜ ትሞላለች። መርከበኛው፣ የሱዳን ፖሊሱ፣ የጉምሩክና የፖስታ ጸሐፊው፣ የግሪክና የሶርያ ነጋዴው፣ ከደጋ ጭነት ይዞ የወረደው ነጋድራስና አሽከሩ፣ ጭነት ለመሸከም የሚቀጠረው ሰው ሁሉ በዚያች ቁራሽ መሬት ውስጥ ይተራመሳል። አብዛኛው ወንድ ነው፤ አብዛኛውም ቤተሰቡን ሌላ ቦታ የተወ ነው። ከካርቱም እስከ ማላካል በኪስራ ያደገው መርከበኛና ፖሊስ ጋምቤላ ሲደርስ ሆዱን ሊለውጥ አይችልም። የምግብ ታሪክ ውስጥ እንዲህ ያለውን ሰው የሚያህል አጓጓዥ የለም፤ ቦታው ላይ የሌለውን ምግብ የሚፈልግ፣ የሚከፍልበትም ያለው ሰው ነው።

በዙሪያው ያለው አገር በአንጻሩ የድስት አገር ነው። አኙዋክ ወንዝ ዳር ማሽላና በቆሎ ያመርታል፤ የዕለት ምግቡ ኩዎን የሚባለው ጠንከር ያለ ገንፎ ነው፣ በዓሣ ወይም በቅጠል ወጥ ይበላል። ኑዌር ከማሽላው ኮፕና ዎልዎል ይሠራል፣ ወተት ያፈስበታል። በ1920ዎቹ ዓ.ም. ኑዌርን ያጠናውና እ.ኤ.አ. በ1940 ዝነኛ መጽሐፉን ያሳተመው እንግሊዛዊው አንትሮፖሎጂስት ኤቫንስ ፕሪቻርድ ማሽላው የሚበላው በገንፎና በጠላ መልክ መሆኑን ጽፏል። ይህ አያስገርምም። ክረምት ከፍ ያለው መንደር፣ በጋ ወንዝ ዳር ከከብቱ ጋር የሚኖር ቤተሰብ በዓመት ሁለት ጊዜ ዕቃውን ይጭናል። ድስትና ቅል ያስፈልገዋል፤ ሰፊ ምጣድና ቋሚ ምድጃ ግን ሸክም ነው። እርግጥ ነው፣ ከወደቡ በፊትም የካርቱም ነጋዴዎች በ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የላይኛውን ናይል በምሽግ በታጠሩ ካምፖቻቸው ሞልተውት ስለነበር፣ ኪስራን ያየ ሰው በዚህ አካባቢ አልነበረም ሊባል አይችልም። ሆኖም አንድን ምግብ ማየትና እሱን ጋግሮ መተዳደር የተለያዩ ነገሮች ናቸው። ለመተዳደር ገበያ ያስፈልጋል፤ ገበያውን ያመጣው ወደቡ ነው።

አጋገሩን በቅርብ ለሚመለከት ሰው ኪስራ ለምን የወደብ ምግብ እንደሆነ ይገለጥለታል። ሊጡ ከማሽላ ዱቄት በእርሾ ተቦክቶ ያደረ ነው። አገሩ ቆላ ስለሆነ አንድ ሌሊት ይበቃዋል፤ ደጋ ላይ የጤፍ ሊጥ ሁለት ሦስት ቀን የሚጠብቀውን ሙቀቱ ያቻኩለዋል። ሊጡ ከእንጀራውም የቀጠነ ነው። ምጣዱ ዶካ ይባላል፤ ድሮ የሸክላ ነበር፣ ዛሬ በአመዛኙ የብረት ዝርግ ነው፣ ዘይት በነካ ጨርቅ ይታሻል። ጋጋሪዋ ጥቂት ሊጥ ዳር ላይ ታፈስና ገርገሪባ በሚባለው፣ ከዘንባባ ቅጠል በተቆረጠው ስስ መግፊያ ወዲያና ወዲህ እየገፋች ምጣዱን ታለብሰዋለች። አክንባሎ የለም፣ እንፋሎት የለም፣ ስለዚህም ዓይን የለውም። ብዙም ሳይቆይ ጠርዙ ደርቆ ከብረቱ ይነሣል፤ በጣቷ ይዛ ትልጠውና ቀደም ሲል በወጣው ላይ ትደርበዋለች፣ እንዳይደርቅም በጨርቅ ትሸፍነዋለች። እንጀራ ጋጋሪ ሊጡን ከዳር ወደ መሐል እያዞረች ታፈሳለች እንጂ አትገፋም፤ ከዚያም ትከድነዋለች። የብሪታኒው ክሬፕ ጋጋሪ ግን እንደ ኪስራዋ ሴት ነው፤ ሮዜል በሚባል የእንጨት መግፊያ በጋለ የብረት ዝርግ ላይ ሊጡን ይዘረጋል፣ ሳይከድን ይጋግራል። ኪስራ በእህሉና በመቦካቱ ለእንጀራ ይቀርባል፣ በእጅ ሥራው ለክሬፕ ይቀርባል። ብሪታኒ ከባሮ ምንም አልተበደረችም፣ ባሮም ከብሪታኒ፤ ቀጭን ሊጥና ጋለ ያለ ዝርግ ሲገናኙ እጅ ወደዚያው መፍትሔ ይሄዳል።

ከዚህ ሁሉ ግን ለክርክሬ ዋናው መቆጠሩ ነው። ገንፎ በትኩሱ፣ ከአንድ ገበታ፣ ከቤተሰብ ጋር የሚበላ ነገር ነው። ቀዝቅዞ ሲያድር ማንም አይገዛውም፣ በነጠላም አይሸጥም። ኪስራ ይቆጠራል። አንድ ቅጠል፣ አምስት ቅጠል፣ አሥር ቅጠል ተብሎ ይሸጣል፤ ይታጠፋል፣ በቅርጫት ይያዛል፣ መርከብ ላይ ይወጣል። አንዲት ሴት በአንድ ምጣድና በጥቂት እንጨት ከንጋት እስከ ረፋድ ከፍ ያለ ክምር ታወጣለች። ያለ ብዙ ዕቃና ያለ ብዙ ገንዘብ ሥራ መጀመር ስለሚቻል፣ ወደብ ላይ ባል የሌላት ወይም የባሏ ደመወዝ የማይበቃት ሴት እንድትይዘው የተመቸ ሙያ ነው። በፓሪስም በጋምቤላም በገበያው ያሸነፈው ምግብ የግድ የጣፈጠው ሳይሆን ተቆጥሮ የሚሸጠው ነው ብል ማጋነን አይመስለኝም።

አርኪኦሎጂውም ከዚህ ጋር ይስማማል። ዳያን ላየንስና ካትሪን ዳንድሪያ የተባሉ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2003 ባሳተሙት ጥናት የኢትዮጵያ ደጋ ሰው ለምን ምጣድን እንደመረጠ ጠይቀዋል። መልሳቸው እህሉ ነው የሚል ነው፤ ጤፍ፣ ማሽላና ዳጉሳ የመሳሰሉ የአፍሪካ እህሎች እንደ ስንዴ ሊጡን አያይዞ የሚያነሣ ነገር ስለሌላቸው በምድጃ ውስጥ ዳቦ ከማድረግ ይልቅ በዝርግ ላይ ማቅጠን ይቀናል። ማሽላ ደግሞ የዚሁ አካባቢ ልጅ ነው። በምሥራቅ ሱዳን፣ ከከሰላ ብዙም በማይርቀው ካሽም ኤል ጊርባ አጠገብ በተገኙ የሸክላ ስባሪዎች ላይ የታተመ የለማ ማሽላ ምልክት ከ5,000 ዓመት በላይ ዕድሜ አለው። ዶካም በመካከለኛው ዘመን ኑቢያ ሸክላዎች መካከል ይታወቃል። እንግዲህ በሰሜን በኩል የናይሉ ዶካ፣ በምሥራቅ በኩል የደጋው ምጣድ አለ። ጋምቤላ ከሁለቱም ወሰን ውጪ፣ ድስት በሚገዛበት ቆላ ላይ ተቀምጣ ሳለ ሁለቱን የተቀበለችው እህሏ ስላስገደዳት አይደለም፤ ማሽላው ሁልጊዜም ነበራት። የተቀበለቻቸው ሁለቱ መንገዶች እዚህ ላይ ስለተገናኙ ነው።

የታሪክ ሰው እዚህ ላይ ማስረጃህ የት አለ ሊል ይገባዋል። የወደቡ መዛግብት ቡናን በክብደት፣ ጨውን በጆንያ፣ ጨርቅን በዋጋ ይቆጥራሉ፤ ኪስራ ግን ቀረጥ ስለማይከፈልበት መዝገብ ላይ የለም። የሴት ሥራ፣ የጓዳና የጉሊት ሥራ ሁሉ ዕጣው ይህ ነው። የተቃውሞውን ክብደት አልክድም። ነገር ግን ሰነዱ ባይኖርም ዕቃው አለ። ጋምቤላ ላይ ኪስራ የሚጋገርበት ዕቃና ስልት ከማላካል እስከ ካርቱም ባለው ወንዝ ዳር የሚገኘው ነው፤ ዶካው፣ ገርገሪባው፣ አብሮት የሚቀርበው ሙላህ የሚባለው ወጥ፣ ሙላሁን የሚያወፍረው የደረቀ የባሚያ ዱቄት። ሱዳናዊው ሊቅ ሐሚድ ዲራር እ.ኤ.አ. በ1993 ስለ ሱዳን የተቦኩ ምግቦች ባሳተመው ትልቅ መጽሐፍ የመዘገበውም ይህንኑ ነው። ከዚህ በላይ የሚያሳምነኝ ነገር ደግሞ የስደተኞቹ የራሳቸው ታሪክ ነው። ኪስራን ያመጣው የኑዌር ወይም የዲንካ ገጠር ቢሆን ኖሮ ይዞት የሚመጣው ገንፎና ዎልዎል ነበር። ኪስራ መጋገርን የምታውቀው ስደተኛ ሙያውን የተማረችው በአመዛኙ በማላካል፣ በናስር ወይም በጁባ ነው። ማላካልና ናስር ደግሞ መርከቡ ጋምቤላ ከመድረሱ በፊት የሚቆምባቸው ወደቦች ነበሩ። ስደተኛዋም ይዛ የመጣችው እንግዲህ የዚያኑ የመርከብ መንገድ ምግብ ነው።

እንጀራስ? የጋምቤላ ከተማ ትልቁ ስስ ምግብ ዛሬ እንጀራ መሆኑ አይካድም፤ ይህን የሚያነሣ ሰው ስለ ኪስራ ይህን ያህል ማተት ለምን ያስፈልጋል ሊል ይችላል። ግን እንጀራም እዚህ የመንገድ ምግብ ነው። ከተማዋ ከባሕር ወለል በላይ 500 ሜትር ገደማ ላይ ናት፤ ጤፍ በዚህ ሙቀት የሚዘራ እህል አይደለም። በወደቡ ዘመን ከጎሬና ከቡሬ በበቅሎ ወርዷል፣ ዛሬ በመቱ በኩል በጭነት መኪና ይወርዳል። ሱዳን ነጻ ስትወጣ የኪራዩ ውል አብሮ አበቃና በ1949 ዓ.ም. ጋምቤላ ለኢትዮጵያ መንግሥት ተመለሰች፤ ከዚያ ወዲያ ወታደር፣ መምህር፣ ጸሐፊና ነጋዴ ከደጋ በብዛት ወረደ። በ1970ዎቹ መጨረሻ ደርግ በሰፈራ ከወሎ፣ ከትግራይ፣ ከከምባታና ሐዲያ በአሥር ሺዎች የሚቆጠር ሕዝብ አምጥቶ አሰፈረ። ደገኛ የሚባለው ነዋሪ ምጣዱን ይዞ መጣ፤ ጤፉ ሲወደድበት ማሽላና በቆሎ ቀላቀለበት። እዚያ ላይ ሁለቱ ምግቦች በእህል ተገናኙ፣ በእጅ ሥራ ግን እስከ ዛሬ አልተቀላቀሉም። አንዱ ይከደናል፣ አንዱ አይከደንም። አስደናቂው ነገር ይህን ያህል ዓመት በአንድ ገበያ ጎን ለጎን ኖረው አንዱ የሌላውን ዕቃ አለመውሰዱ ነው። ምክንያቱ ይመስለኛል ገዢያቸው የተለያየ መሆኑ ነው፤ እያንዳንዱ ምግብ በገዛ መንገዱ የመጣ ሰው አለው።

ስለ ጣፋጩ ወገን ጥቂት ልበል። ክሬፕን በዓለም ያስወደደው ጨውም ስኳርም የሚቀበል መሆኑ ነው፤ ብሪታኒ ይህንን የከፈለችው በእህል ነው፣ ጥቁሩ ለጨው፣ ነጩ ለስኳር። የናይል ሴቶች የከፈሉት በሊጡ ዝግጅት ነው። ተራው ኪስራ ለሙላህ ነው፤ ተቆራርሶ በወተትና በስኳር የሚርስበት ጊዜም አለ። ለጣፋጩ ግን ሁሉ ሙር የሚባል ሌላ ሥራ አለ። የማሽላው ብቅል ከቦካው ሊጥ ጋር ይቀላቀላል፣ ዝንጅብል፣ ቀረፋና ሌላም ቅመም ይጨመርበታል፣ በዚያው በዶካ ላይ ቀይ ዳማ እስኪሆን ይዘረጋል፣ ይደርቃል። ከዚያ አይበላም፤ ውኃ ውስጥ ይዘፈዘፍና ተጣርቶ፣ ስኳር ገብቶበት ይጠጣል። በረመዳን ማፍጠሪያ ላይ የሱዳን ቤት ያለ እሱ አይሆንለትም። ለመንገደኛም የሚሆን ነገር ነው፤ ደርቆ ወራት ይቆያል፣ ክብደት የለውም፣ ውኃ ሲነካው ስንቅም መጠጥም ይሆናል። ክሬፕ ቤት ገብቶ ጨዋማውን በልቶ በጣፋጩ የሚዘጋ ሰው ያንኑ ምጣድ ሁለት ጊዜ እንደሚጠቀም ሁሉ፣ የናይል ዳር ተጓዥም ከአንድ ዶካ ምሳውንና መጠጡን ያገኛል። ጋምቤላ ላይ ከሁለቱ የሠመረው ኪስራው ነው። ሁሉ ሙር ከጾሙና ከእስልምናው ጋር የተያያዘ ስለሆነ ክርስትናው በበዛበት አገር ገዢው ይሳሳል። ምግብ መንገዱን ተከትሎ ቢመጣም ሁሉም እኩል ሥር አይሰድም።

መርከቡ ሲቀር ኪስራውስ ለምን አልቀረም? ይህ ለክርክሬ ከባዱ ጥያቄ ነው። ወደቡን ጣሊያን ይዞት ቆይቶ መጋቢት 1933 ዓ.ም. የቤልጂየም ኮንጎ ወታደሮች ካስለቀቁት በኋላ ንግዱ እንደገና ቢሞከርም የድሮ ግርማው አልተመለሰም። የደቡብ ሱዳን ጦርነት የወንዙን መንገድ አደፈረሰው፣ የመኪና መንገድ ደግሞ ቡናውን ወደ አዲስ አበባ ሳበው። በዚህ አመክንዮ ኪስራም ከመርከበኛው ጋር መጥፋት ነበረበት። ያልጠፋው መንገዱ ስላልተዘጋ ነው፤ ከውኃ ወደ እግር ተለወጠ እንጂ። በ1970ዎቹ ኢታንግ፣ ያ የ1894ቱ ውል ስሟን የጠራት ቦታ፣ ሩብ ሚሊዮን ያህል ሰው ያስጠለለ የስደተኛ ካምፕ ሆነች፤ ፒኙዶም እንዲሁ። በ1983 ዓ.ም. ደርግ ሲወድቅ ካምፖቹ ተበተኑ። ታኅሣሥ 2006 ዓ.ም. ጁባ ላይ ጦርነት ሲፈነዳ ደግሞ በፓጋክ በኩል ሕዝቡ እንደገና ፈሰሰ፤ ኩሌ፣ ቲርኪዲ፣ ጄዊና ንጉኝዬል የሚባሉ ካምፖች ተከፈቱ፣ ክልሉ ውስጥ የተጠለለውም ሰው ከ300 ሺህ በላይ ሆነ። በ1999 ዓ.ም. ቆጠራ የክልሉ ሕዝብ በጠቅላላ 307,096 እንደነበር ላስታወሰ ሰው ይህ ምን ማለት እንደሆነ ግልጽ ነው። ካምፕ ደግሞ በምግብ በኩል ሲታይ ወደብ ነው። ከቀዬው የተነቀለ፣ የሚመለስበትን ቀን የሚጠብቅ ሰው ይሞላዋል። ዱቄት የሚሰጠው በራሽን ነው፤ ማሽላ ሲመጣ በማሽላ፣ ስንዴ ሲመጣ ስንዴ እየተቀላቀለ ይጋገራል፣ የተረፈውም ይሸጣል። ስንዴ የገባበት ኪስራ ይለሰልሳል፣ ለመግፋትም ይቀላል፤ ደቡብ ሱዳን ከተሞች ውስጥም የተለመደው ይኸው ነው። በዚህ ሁኔታ የጋምቤላ ኪስራ ዛሬ፣ ከመቶ ዓመት በፊት ከነበረው ይልቅ፣ በዱቄቱም ወደ ፈረንሳዩ ክሬፕ ጠጋ ብሏል። ራሽን ያቀራረበው እንጂ ማንም ሼፍ አይደለም።

እንግዲህ ኪስራ የስደተኛ ምግብ ነው የሚለው አባባል የሚያየው የመጨረሻውን ማዕበል ብቻ ነው። የሱዳን እንጀራ ነው የሚለውም አንድ ነገር ይዘነጋል፤ ባሮ ዳር ያለው ኪስራ የተጋገረበት መሬት ለ50 ዓመት ያህል በኪራይ ውል የሱዳን መንግሥት ይዞታ ነበር፣ የጋምቤላም ከተማነት የተወለደው በዚያው ውል ነው። ከተማዋን የፈጠረው ነገር ከተማዋ ውስጥ እንግዳ ሊባል አይችልም። ሌላው ተቃውሞ ከአኙዋክና ከኑዌር ወገን ሊነሣ የሚችለው ነው፤ የእኛ ምግብ ኩዎንና ኮፕ ነው፣ የክልሉ መለያ ተብሎ ለእንግዳ መቅረብ ያለበት እሱ ነው ይላል። ትክክል ነው፣ ለቤቱ። ይሁን እንጂ የአንድ ሕዝብ የቤት ምግብና የአንድ ከተማ የገበያ ምግብ ሁለት ታሪክ ናቸው፤ የፓሪስ ምግብ ምን እንደሆነ የጠየቀ ሰው ክሬፕን ከዝርዝሩ ቢያወጣ የሞንፓርናስን መቶ ዓመት ይሰርዛል። ጋምቤላም ያለ ወደቧ አትጻፍም።

ነገሩ ዛሬ የሕግ ጥያቄም ሆኗል። በ2011 ዓ.ም. የወጣው የስደተኞች አዋጅ ቁጥር 1110 ስደተኛ ተቀጥሮም ሆነ በራሱ ሥራ ፈጥሮ እንዲተዳደር በር ከፍቷል። ለኪስራ ጋጋሪዋ ይህ ማለት ጉሊቷ ወደ ፈቃድ ያለው ምግብ ቤት ማደግ ይችል እንደሆነ፣ ፈቃዱ በራሷ ስም ይሁን ከተማ ውስጥ ከሚኖር ዘመዷ ጋር በሽርክና ይሁን፣ ግብሩስ በየትኛው ደረጃ ይታሰብ የሚል ጥያቄ ነው። በወደቡ ዘመን የሱዳን ጉምሩክ መዝገብ ያልጻፋት ሴት አሁን በወረዳ ንግድ ጽሕፈት ቤት መዝገብ ላይ ልትሰፍር ትችላለች። ሞንፓርናስ ዙሪያ ያሉት የብሪታኒ ሰዎች ከጎዳና ምጣድ ወደ ወንበርና ጠረጴዛ ሲሸጋገሩ ዜግነታቸውን የጠየቃቸው አልነበረም፤ የጋምቤላዋ ጋጋሪ ግን ከዱቄቷ ቀጥሎ የምታዘጋጀው ወረቀቷን ነው።